የሐር ትል ዘር ጎተራ የለውም

ገበሬ ዘሩን እንዴት እንደሚያቆይ መካሪ አያስፈልገውም። የጤፉን ዘር በጎታ አኑሮ፣ የማሽላውን እራስ መርጦ ከጣሪያ ሥር ሰክቶ፣ በቆሎውን ከነቆረቆንዳው ከጢሱ በላይ ሰቅሎ ከዓመት ዓመት ያሻግራል። ዝናብ ቢዘገይ ዘሩ ይጠብቃል። በሬ ቢሞት፣ ሰው ቢታመም፣ ማሳው አንድ ዓመት ጦም ቢያድር እንኳ ዘሩ ከተቀመጠበት ወጥቶ ለሚቀጥለው ዓመት ይደርሳል።

በገጠር ልማት ሥራ ስሙ በየጊዜው የሚነሳው የሐር ትል ግን ይህን የቆየ ልማድ አይቀበልም። በተለይም የጉሎ ቅጠል እየበላ የሚያድገውና ባለሙያዎች «ኤሪ» እያሉ የሚጠሩት ዓይነት ዘሩ መተኛት አያውቅም። እንቁላሉ በተጣለ በ10 ቀን ገደማ ይፈለፈላል። የተፈለፈለውም ትል ቅጠል ካላገኘ ብዙ ሳይቆይ ያልቃል። በመልበሪ ቅጠል ከሚያድገው ከሌላው የሐር ትል ወገን እንቁላሉ የብርዱን ወራት ተኝቶ የሚያሳልፍ ዝርያ አለ፤ ኤሪ ግን ይህ ጸጋ አልተሰጠውም። ስለሆነም የኤሪ ትል ዓመቱን ሙሉ ይርባ ሲባል፣ ትርፍ ለማብዛት ብቻ የቀረበ ምክር ተደርጎ ሊወሰድ አይገባም። ዓመቱን ሙሉ ያልረባ የኤሪ ትል በሚቀጥለው ዓመት ከነአካቴው የለም ማለት ነው። የገበሬ ማኅበራት መሪዎችም ይህን ከመነሻው ሊረዱት ያስፈልጋል፤ ምክንያቱም ዘሩን ሳያቋርጡ ማቆየት አንድ ቤተሰብ ብቻውን የሚወጣው ሥራ አይደለም።

የኤሪ አገሩ በሰሜን ምሥራቅ ሕንድ የምትገኘው አሳም ናት። ስሙም የመጣው የአካባቢው ሕዝብ ጉሎን ከሚጠራበት ቃል ነው። በዚያ አገር ያሉ የገጠር ሴቶች ትሉን በየቤታቸው አርብተው፣ ሐሩን ፈትለውና ሸምነው ይለብሱታል፤ በሐር ጎጆው ውስጥ የሚገኘውን ሙሽሬ ደግሞ ይመገቡታል። ወደ ኢትዮጵያ ሲመጣ እንግዳው ትሉ እንጂ ምግቡ አልነበረም። ጉሎ በአገራችን በየአጥሩ ሥር፣ በየወንዙ ዳርና በየፍርስራሹ ማንም ሳይዘራው የሚበቅል ተክል ሲሆን፣ የዕፅዋት ሊቃውንትም ምሥራቅ አፍሪካን፣ በተለይም ኢትዮጵያን፣ ከመነሻ ቦታዎቹ ይቆጥሩለታል። ፍሬውንም እናቶች ምጣድ ሲያሰሱበት ኖረዋል።

የመልካሳ ግብርና ምርምር ማዕከል በሐር ትል አረባብ ላይ ምርምር ከሚያካሂዱት ዋነኛው ነው። በ2009 ዓ.ም. በአርባ ምንጭ አካባቢ ወጣቶችን በሐር ሥራ የሚያደራጅ ፕሮጀክት በሥራ ላይ ነበር። በአዲስ አበባም እንደ ሳባሃር ያለ የሽመና ድርጅት የአገር ውስጥ የኤሪ ሐር በእጅ እያስፈተለ ጨርቅ ይሠራበታል። ስለዚህ ሥራው በእኛ አገር ይቻላል ወይስ አይቻልም ተብሎ የሚከራከሩበት ጊዜ አልፏል። መጠየቅ ያለበት፣ በአንድ መንደር ከተጀመረ በኋላ ለምን ይቋረጣል የሚለው ነው።

ብዙውን ጊዜ ሥራው የሚቋረጠው እንዲህ ነው። በመስከረም ክረምቱ ሲወጣ ጉሎው በየአጥሩ ለምልሞ፣ ቅጠሉ የሰፌድ ያህል ሰፍቶ ይታያል። ቅጠሉን ያየ ሁሉ ይህ ሁሉ መኖ በነጻ ሲገኝ ትሉን ለምን አናረባም ይላል። የትል እንቁላል በወረቀት ተጠቅልሎ ይመጣል፤ ሃያ ሠላሳ አባወራዎችና እማወራዎች ተመዝግበው እኩል ይካፈላሉ። የመጀመሪያው ዙር ያምራል። በሁለተኛው ዙር፣ ኅዳርና ታኅሣሥ ላይ፣ ሌሊቱ ይበርዳል፤ ትሉ ይዘገያል፤ በሽታም ይጀምረዋል። ጥር ሲገባ በአጥሩ ያለው ጉሎ ውሃ ስላጠረው ቅጠሉን ያራግፋል። ያን ጊዜ ሁሉም በአንድ ላይ ቅጠል ያጣል። የቀረውን ለመቁረጥ የሰው አጥር መዳፈር ይመጣል፤ «ጋሼ ሊቀመንበር፣ ጉሎዬን መላጣ አደረጉት» የሚል አቤቱታም ይሰማል። በልግ ዘንቦ ሚያዝያ ላይ ቅጠሉ እንደገና ሲያቆጠቁጥ በቀበሌው አንዲት እንቁላል አትገኝም። ቀጥሎም ትሉ ለአገራችን አየር አይስማማም የሚል ወሬ ይዛመታል፤ እንቁላል አምጥቶ የሰጠው የልማት ጣቢያ ሠራተኛም ይወቀሳል።

በእርግጥ ትሉን የጨረሰው አየሩ ብቻ አይደለም። እኩል የማካፈሉ ደግነት ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። እህል ወይም ማዳበሪያ ሲታደል እኩል መካፈል ተገቢ ነው። ሳይተኛ የሚራባን ፍጥረት ግን ቅጠልም፣ ጥላም፣ ጊዜም ለሌለው ቤት ሁሉ እኩል ማደል በአንድ ቀን ሁሉንም ባዶ እጁን ማስቀረት ነው።

ስለዚህ በአንድ የገበሬ ማኅበር ውስጥ ሁለት ዓይነት አርቢ መኖሩ ግድ ይሆናል። አንደኛው ወገን ቅጠል በሚትረፈረፍባቸው ወራት ብቻ የሚያረባ ሲሆን፣ የማኅበሩ አብዛኛው አባል የሚገኘው በዚህ ውስጥ ነው። ሁለተኛው ወገን ግን ዘር ጠባቂ ነው። ዘር ጠባቂው በበጋም በክረምትም ሳያቋርጥ ጥቂት ትል ብቻ እያሳደገ እንቁላሉን ለሌላው ያደርሳል። ሦስት ቤቶች ለዚህ ሥራ ይበቃሉ፤ ሁለት ግን አይበቁም። ምክንያቱም ከእንቁላል ተነስቶ ቢራቢሮ ሆኖ እንደገና እንቁላል እስኪጥል ድረስ አንድ ዙር በሞቃት ጊዜ 50 እና 55 ቀን ያህል ይወስዳል። ሦስቱ ቤቶች በአንድ ቀን ሳይሆን በ18 ቀን ልዩነት ቢጀምሩ በማኅበሩ ውስጥ በየሦስት ሳምንቱ አካባቢ ትኩስ እንቁላል ይገኛል። የአንዱ ቤት ትል በበሽታ ቢያልቅ እንኳ የሁለቱ ይተርፋል። ከዚህም ሌላ የአንድ ቤት ዘር እርስ በርሱ ብቻ ሲራባ እየደከመ ስለሚሄድ፣ ሦስቱ ቤቶች እንቁላል እየተለዋወጡ ደሙን ያድሳሉ። ይህንንም በከብት የሚያውቀው ገበሬ ለመረዳት አይቸገርም።

ዘር ጠባቂ ሲመረጥ በስብሰባ ላይ ጮክ ብሎ የተናገረው መመረጥ የለበትም። የሚመረጠው ቤት በበጋ ውሃ የሚደርሰው ጉሎ ያለው መሆን አለበት። የእጣቢ ውሃ የሚፈስበት ጓሮ፣ የመስኖ ቦይ ዳር፣ ወይም የወንዝ ዳር ይዞታ ቢኖረው ይመረጣል። ቤቱ ውስጥ ቀኑን ሙሉ የማይጠፋ ሰው ይኑር። ልምድ እንደሚያሳየው ይህ ሰው ብዙውን ጊዜ ሴት ናት፤ እንዲህ ከሆነ ደግሞ ስሟ በመዝገቡ ላይ በባሏ ስም ተሸፍኖ መቅረት አይገባውም። ለልፋቷም ከእያንዳንዱ እንቁላል ተቀባይ ምን ያህል ኩኩን ወይም ገንዘብ እንደሚሰጣት ማኅበሩ አስቀድሞ ይወስን። ዘር ጠባቂ በነጻ ይሥራ ከተባለ ሁለተኛውን በጋ አይሻገርም።

ከዚህ ቀጥሎ የሚመጣው የቅጠሉ ሒሳብ ነው። ሥራው የሚሳካውም ሆነ የሚበላሸው በዚህ ሒሳብ ስለሆነ ዘርዘር አድርጎ ማየት ይገባል።

አንድ የኤሪ ትል ከተፈለፈለበት ቀን አንሥቶ ሐሩን እስኪፈትል ድረስ በአማካይ 30 ግራም ያህል ቅጠል ይበላል። በዚህ መሠረት 1,000 ትሎች 30 ኪሎ ቅጠል ይፈልጋሉ ማለት ነው። ግንዱ፣ የጠወለገውና የተረገጠው ሲታከል ከ40 ኪሎ በታች ይዞ መጀመር ድፍረት ይሆናል። አታላዩ ነገር ግን አበላሉ ነው። ትሉ በዕድሜው አምስት እርከኖች ሲኖሩት፣ በመካከሉ አራት ጊዜ ቆዳውን ይለውጣል። ከጠቅላላው ቅጠል ከ100 እጅ 80 እጅ የሚሆነውን የሚበላው በመጨረሻው እርከን፣ ማለትም በመጨረሻዋ አንድ ሳምንት ውስጥ ነው። ሁለት ሳምንት ሙሉ በእፍኝ ቅጠል ያደረው የትል ሰፌድ በዚያች ሳምንት በቀን አራት ኪሎ ገደማ ይጠይቃል። ልምድ የሌለው አርቢ ትሉ ምንም አይበላም ብሎ ቁጥሩን ያበዛና በመጨረሻዋ ሳምንት የጎረቤት አጥር ሲያማትር ይገኛል። በዚያች ሳምንት የተራበ ትል ቢተርፍ እንኳ ሐሩ ስስ ይሆናል።

በአንጻሩ የትሉ አረባብ ፍጥነት አስደንጋጭ ነው። አንዲት እናት ቢራቢሮ ከ300 እስከ 400 እንቁላል ትጥላለች። ከ300ው እኩሌታው ሴት ሆነው እያንዳንዳቸው 300 ቢጥሉ፣ በሁለተኛው ዙር 45,000 ትል ይሆናል። ለዚህ ሁሉ የሚያስፈልገው ቅጠል 13 ኩንታል ተኩል ነው። ይህን ቅጠል ማን ያመጣል? ስለዚህ በበጋ ወራት ዘር ጠባቂው ከ200 ትል በላይ አለማሳደጉ፣ የተረፈውን እንቁላል ሳይሳሳ ማስወገዱ እንደ ንፉግነት ሊቆጠርበት አይገባም። 200 ትል 10 ኪሎ ቅጠል ካገኘ ዙሩን ይጨርሳል። ይህን ያህል ደግሞ ውሃ ያገኙ ጥቂት የጉሎ ተክሎች አያጡትም።

ከአንድ ጉሎ ምን ያህል ቅጠል እንደሚገኝ እንደ መሬቱና እንደ ዝርያው ስለሚለያይ ከወረቀት ላይ መቅዳት አይቻልም። የሚሻለው ከአንዱ ተክል የቅጠሉን ሲሶ ቆርጦ በሚዛን መመዘንና ጉሎዎቹን ቆጥሮ ማባዛት ነው። ሲሶ የተባለው ያለ ምክንያት አይደለም፤ ከአራት አንድ እስከ ሦስት አንድ የሚሆነው ቅጠሉ የተቆረጠበት ጉሎ ፍሬውን ብዙም አይቀንስም። መላጣውን ያስቀሩት ጉሎ ግን ፍሬም ቅጠልም ይነሳል። ካሳቫ በሚበቅልባቸው የደቡብ ወረዳዎች የካሳቫ ቅጠል ለኤሪ ተለዋጭ ምግብ ሆኖ ያገለግላል። ሆኖም ቅጠሉ ከመጠን በላይ ሲቆረጥ ሥሩ ስለሚቀጭጭ፣ የሰውን ምግብ ለትል አሳልፎ እንዳይሰጥ መጠንቀቅ ያሻል።

የተቆረጠውም ቅጠል እንዳገኙ አይሰጥም። ገና ለተፈለፈለው ትል ከጫፍ የተቆረጠ ለጋ ቅጠል፣ ላደገው ደግሞ የጠነከረና የበሰለ ቅጠል ይመረጣል። ጤዛ ያለበት፣ ዝናብ የመታው፣ ወይም ከመኪና መንገድ ዳር አቧራ የለበሰ ቅጠል ትሉን ያስቀምጠዋል፤ ተቅማጥ የያዘው ትል ደግሞ የሚድንበት መንገድ የለም። በክረምት ወራት ቅጠሉን ከሰዓት በኋላ፣ ጤዛውና ዝናቡ ከጠፋለት በኋላ ቆርጦ፣ ጥላ ውስጥ በትኖ ማናፈስ ይገባል።

ሌላው የሚዘነጋ ጉዳይ ትሉ ቆዳውን ሲለውጥ የሚያደርገው ዝምታ ነው። ትሉ መብላት ያቆማል፤ ራሱን ቀና አድርጎ አንድ ቀን ያህል ሳይንቀሳቀስ ይቆያል። ጀማሪ አርቢ ታመመ ብሎ ይነካካዋል፤ ቅጠልም ይከምርበታል። በዚያ ጊዜ መነካት የለበትም። አብዛኛው ቆዳውን ለውጦ እስኪጨርስ ድረስ መመገብ አይጀመርም። እንዲህ ሲደረግ ትሉ ሁሉ እኩል ያድጋል፤ ካልሆነ ግን በአንድ ሰፌድ ላይ የተኛውና የሚበላው ተደባልቆ የኋለኛው በፊተኛው ፍግ ውስጥ ይቀራል።

ስለ ሙቀቱ ብዙ ማለት አያስፈልግም። ለኤሪ የሚስማማው ከ24 እስከ 28 ዲግሪ ነው። ታናናሾቹ ሞቅ ያለና እርጥበት ያለው አየር ሲወዱ፣ ትልልቆቹ ቀዝቀዝና ደረቅ ያለውን ይመርጣሉ። ከ30 ሲያልፍ ትሉ ይዝላል፤ የእንቁላሉም መፈልፈል ይቀንሳል። በሌላ በኩል ሲበርድ ትሉ ወዲያው አይሞትም፤ ይዘገያል እንጂ። ከ20 እስከ 25 ቀን ውስጥ ማለቅ የነበረበት የትልነት ዕድሜው ከአንድ ወር ያልፋል። እየዘገየ በሄደ ቁጥርም ለበሽታ ይጋለጣል። የቆላና የወይና ደጋ ማኅበራት በዚህ ረገድ ዕድለኞች ሲሆኑ፣ ውርጭ የሚመታው ደጋ ግን በጥቅምትና በታኅሣሥ መካከል ያለውን ጊዜ በኤሪ ባይሞክረው ይሻላል። በወይና ደጋ ለትሉ የሚሠራው ጎጆ በጭቃ በደንብ ተመርጎ፣ የሣር ክዳን ቢኖረው ሌሊቱን ሙቀት ይይዛል፤ ቆርቆሮ ቀን ያቃጥላል፤ ሌሊት ያንዘፈዝፋል። ጎጆውን ለማሞቅ በጎጆው ውስጥ እንጨት ማጨስ አይፈቀድም። ጢስ ለበቆሎ ዘር መድኃኒት ቢሆን ለትል መርዝ ነው። ሌሊት በጋለ ድንጋይ ወይም በሙቅ ውሃ እንስራ ማሞቁ ይመረጣል።

ስለ በሽታ ሲነሳ አንድ የቆየ ታሪክ ማስታወስ ይጠቅማል። በአውሮፓ አቆጣጠር በ1865 የፈረንሳይ የሐር አርቢዎች ትላቸው እያለቀ በከፍተኛ ድህነት ላይ በወደቁበት ጊዜ መንግሥት ሉዊ ፓስተር የተባለውን ሊቅ ወደ ደቡብ ፈረንሳይ ላከው። ፓስተር ከአምስት ዓመት ያላነሰ ጊዜ ወስዶ ያረጋገጠው ነገር ከበሽታዎቹ አንዱ ከእናት ቢራቢሮ ወደ እንቁላሉ የሚተላለፍ መሆኑን ነበር። መፍትሔውም ቀላል ነበር፤ እያንዳንዷ እናት ለብቻዋ እንድትጥል ማድረግ፣ ከጣለች በኋላ አካሏን ፈጭቶ በማይክሮስኮፕ ማየት፣ የበሽታው ምልክት የተገኘባትን እናት እንቁላል ማቃጠል። ይህ አሠራር እስከ ዛሬ በየአገሩ ይሠራበታል።

በገበሬ ማኅበር ደረጃ ማይክሮስኮፕ ይኑር አይባልም። ነገር ግን የፓስተር አሠራር እኩሌታው ያለ ማይክሮስኮፕ ይሠራል። ዘር ጠባቂዋ እያንዳንዷን እናት ቢራቢሮ በስኒ ወይም በወረቀት ከድና ለየብቻ ታስጥላት፤ ክንፏ የተጨማደደውን፣ ጥቁር ነጠብጣብ ያለባትንና ጥቂት የጣለችውን ከነእንቁላሏ ታስወግድ። እንቁላሎቹም በየእናታቸው ተለይተው ይታደሉ። የአንዷ እናት ልጆች ቢታመሙ የትኛዋ እንደሆነች ይታወቃልና። ማይክሮስኮፕ ያለው የምርምር ጣቢያ ወይም ኮሌጅ በአቅራቢያ ካለ ደግሞ ከጣሉት እናቶች ጥቂቶቹን በዓመት አንድ ሁለት ጊዜ ወስዶ ማስመርመር ለማኅበሩ መሪ ከባድ ሥራ አይደለም። የቀረው ንጽሕና ነው። ፍጉ በየቀኑ ይነሳ፤ በአንዱ ዙርና በሚቀጥለው መካከል ሰፌዱና ቆጡ በበረኪና ታጥቦ ፀሐይ ላይ ይዋል። የሞተ ትል ለዶሮ አይጣልም፤ ርቆ ይቀበራል። የቆጡ እግሮች ውሃ በተሞሉ ጣሳዎች ውስጥ ካልቆሙ ጉንዳን በአንድ ሌሊት ሥራውን ይጨርሳል።

ከሁሉም በላይ የማኅበሩን መሪ በቀጥታ የሚመለከተው የመድኃኒት ርጭት ነው። ወባ ባለበት ቆላና ወይና ደጋ የቤት ውስጥ ርጭት ሲመጣ ቤት የሚያስከፍተውና ሕዝቡን የሚያስተባብረው ይኸው መሪ ነው። በግድግዳ ላይ የተረጨው መድኃኒት ለወራት ይቆያል፤ ትሉም ነፍሳት ስለሆነ ያለቅሬታ ይጨርሰዋል። በዚህ ምክንያት ትል ያላት እናት ቤቴ አይረጭ ብትል አይፈረድባትም፤ ግን አይፈቀድላትም። ከልጅ ሕይወት የሚበልጥ ሐር የለም። መፍትሔው ትሉ ሰው በማያድርበት ለብቻው በተሠራ ጎጆ ውስጥ እንዲያድግ ማድረግና ርጭቱ ከመጀመሩ በፊት ያን ጎጆ ለረጪው ቡድን ማሳየት ነው። ሰው የሚያድርበት ቤት ግን ሳይቀር ይረጫል። እግረ መንገዱን መነገር ያለበት ነገር አለ፤ ያረጀ አጎበር ለዶሮ ጫጩትም፣ ለችግኝም፣ ለሁሉም ነገር መከለያ መሆኑ የተለመደ ነው። በትል ሰፌድ ላይ የተጣለ አጎበር ግን መድኃኒት የተነከረ ስለሆነ ትሉን ይፈጀዋል። ዝንብ ለመከላከል ስስ ሻሽ ይበቃል።

በበቆሎ አካባቢም እንዲሁ ነው። መጤው የአሜሪካ ተምች በ2009 ዓ.ም. ወደ አገራችን ከገባ ወዲህ በበቆሎ ላይ መድኃኒት መርጨት እየበዛ መጥቷል። በበቆሎው ዳር የቆመ ጉሎ ቅጠል በነፋስ የመጣ መድኃኒት ይይዛል። ንብ አናቢዎች ይህን በደንብ ያውቁታል፤ የሐር አርቢና የንብ አናቢ ጠላታቸው አንድ ነው። ማኅበሩ የርጭቱን ቀን አስቀድሞ ካስታወቀ ዘር ጠባቂዋ ለጥቂት ቀን የሚበቃ ቅጠል ከሌላ ቦታ ታዘጋጃለች፤ የተረጨበትንም አካባቢ ጉሎ ለሳምንታት አትነካም።

አሁን ደግሞ ወደ ጥቅሙ ስንመጣ፣ በዚህ ላይ ማጋነን ገበሬውን ማታለል ነው። ከ1,000 ትሎች በደኅና ዙር 850 ያህሉ ኩኩን ቢሠሩ፣ ባዶው የሐር ቅርፊት ከ300 እስከ 400 ግራም ይመዝናል። አንድ ኪሎ ባዶ ኩኩን ለማግኘት ወደ 3,000 የሚጠጉ ትሎችን፣ ማለትም ከአንድ ኩንታል ያላነሰ የተዘጋጀ ቅጠል ይጠይቃል። ይህን አስቀድሞ የሰማ አርቢ አያዝንም። ሀብታም ያደርጋል ተብሎ የጀመረው ግን በመጀመሪያው ሽያጭ ቀን ሰፌዱን ይሰቅላል።

ኤሪ ከሌላው ሐር የሚለይበት መልካም ጎን አለው። ኩኩኑ በአንድ ወገን ክፍት ስለሆነ ቢራቢሮዋ ሳታበላሸው ትወጣለች፤ የሚፈተለውም እንደ ጥጥ ነው እንጂ ክሩ አንድ ወጥ ሆኖ አይመዘዝም። ፋብሪካም፣ ልዩ መኪናም አያስፈልገውም። ኩኩኑ በሳሙና ወይም በአመድ ውሃ ተቀቅሎ ሙጫው ከለቀቀ በኋላ የአገራችን እናቶች በእንዝርት ሊፈትሉት ይችላሉ። ኩኩኑን በኪሎ ከመሸጥ ፈትሎ መሸጥ የተሻለ ዋጋ እንደሚያወጣ ግልጽ ነው። ዘር የማይያዝበት ኩኩን ተከፍቶ ሙሽሬው ከወጣ ደግሞ ለዶሮ መኖ ይሆናል፤ ከ1,000 ትሎች የሚገኘው እርጥብ ሙሽሬ ከሁለት ኪሎ አያንስም። የዶሮ መኖ እየተወደደ ባለበት ጊዜ ይህ የሚናቅ አይደለም።

ሆኖም ገዥ ሳይታወቅ ኩኩን ማከማቸት አይገባም። የሐር ገዥዎች ጥቂቶችና በከተማ የተወሰኑ ናቸው። ለአንድ ቤት 400 ግራም ሊገዛ አዲስ አበባ ድረስ መኪና የሚልክ ነጋዴ የለም። የማኅበሩ ወይም የኅብረት ሥራው ሥራ የሁሉንም ኩኩን ንጹሕና ቆሻሻውን ለይቶ ሰብስቦ፣ በደረቅ ቦታ ከአይጥ ጠብቆ፣ ከገዥው ጋር በጽሑፍ ተዋውሎ ማስረከብ ነው። ውሉ የሚፈረመው ደግሞ እንቁላሉ ከመታደሉ በፊት ነው።

የጉሎ መሬትም ጥያቄ ያስነሳል። ጤፍና በቆሎ የሚያበቅል ማሳ ለጉሎ ይሰጥ የሚል መሪ ካለ ስህተት ላይ ነው። የአጥር ሥር፣ የቦይ ዳር፣ የእርከን ጠርዝና የጋራ የሆነው የተራቆተ ቦታ ይበቃል። የጋራ ቦታ ላይ የተተከለው ቅጠል የማን እንደሆነ፣ በምን ተራ እንደሚቆረጥ ካልተወሰነ ግን ጠቡ ከትሉ ቀድሞ ይፈለፈላል። የጉሎ ፍሬ መርዛማ መሆኑም መዘንጋት የለበትም። የበላው ሕፃንም ከብትም ለሞት ይደርሳልና፣ ከትምህርት ቤት ግቢና ከከብት መዋያ አጠገብ እንዳይተከል መሪዎቹ ይከልክሉ፤ ፍሬውም ሳይረግፍ ይለቀም።

በሰኔ ዝናብ የተዘራ ጉሎ ለመስከረም ቅጠል ይደርሳል፤ ለበጋው ዘር ጠባቂ የሚሆነው በውሃ ዳር ያለው ጉሎ ግን ከዚያ ቀደም ብሎ ቢተከል ይመረጣል። በመሆኑም በመጪው መስከረም የኤሪ እንቁላል ለመቀበል ያሰበ የገበሬ ማኅበር ጉሎውን መቁጠር፣ ሦስቱን ቤቶች መምረጥና የጋራውን ቦታ ማካለል ያለበት በግንቦት ስብሰባው ላይ ነው። በግንቦት ይህን ያልጨረሰ ማኅበር እንቁላል ቢቀርብለት እንኳ ለዓመቱ ይቆይልን ብሎ ቢመልስ ይሻለዋል።